አድሚራል ሃይማን ሪኮቨር፤ መሐንዲስነትና ኃላፊነት

በአዲስ አበባ ልደታ፣ ከሜክሲኮ አደባባይ አጠገብ የሚገኘው የተግባረ እድ ትምህርት ቤት ከ1934 ዓ.ም. አንሥቶ ለአያሌ ትውልድ የእጅ ሙያና የቴክኒክ ትምህርት ሲሰጥ ኖሯል። የብየዳን ሙያ የተማረ ሁሉ እንደሚያውቀው፣ አንድ መጋጠሚያ ተበይዶ ቀለም ከተቀባ በኋላ ደጉና ክፉው በዐይን አይለይም። ልዩነቱን የሚገልጠው ጭነት ሲያርፍበት ወይም ግፊት ሲበረታበት ነው። እዚህ ላይ ሕይወታቸውን በአጭሩ የምንተርክላቸው ሰው፣ የኑክሊየር ሰርጓጅ መርከብ አባት የሚባሉት አድሚራል ሃይማን ሪኮቨር፣ የሥራ ዘመናቸውን በሙሉ የመሠረቱት በዚህች ቀላል በምትመስል እውነት ላይ ነበር።

አገራችን ሰርጓጅ መርከብ ኖሯት አያውቅም። ይሁን እንጂ ነገሩ ፈጽሞ ባዕድ አልነበረም። ባሕር ኃይላችን በምፅዋ ሲደራጅ የኖረው ከ1940ዎቹ ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ ሲሆን፣ ዋና መርከቡ የነበረችው «ኢትዮጵያ» ቀድሞ በአሜሪካ ባሕር ኃይል ያገለገለች ነበረች። በደርግ ዘመን ደግሞ ሶቪየት ኅብረት በዳህላክ ደሴቶች የመርከቦቿንና የሰርጓጆቿን መጠገኛ አቋቁማ ነበር። ስለዚህ የሪኮቨር ሥራ ያስከተለው ፉክክር እስከ ቀይ ባሕር ደርሶ ነበር ማለት ይቻላል። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመቶች፣ በዓ.ም. ካልተመለከቱ በስተቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሃይማን ሪኮቨር፣ በባሕር ኃይሉ መዝገብ እንደ ሰፈረው፣ በ1900 በዚያን ጊዜ በሩሲያ ዛር ግዛት ሥር በነበረችው ፖላንድ፣ ማኮቭ በምትባል ትንሽ ከተማ ከአይሁድ ቤተ ሰብ ተወለዱ። አባታቸው ልብስ ሰፊ ነበሩ። ቤተ ሰቡ በአይሁድ ላይ ከደረሰው ስደት ሸሽቶ ወደ አሜሪካ ተሻገረና በመጨረሻ በቺካጎ ከተማ ሰፈረ። ሪኮቨር በተማሪነታቸው ዘመን ከትምህርት ሰዓት ውጪ ቴሌግራም እያደረሱ ቤታቸውን ይረዱ ነበር። በ1918 በአናፖሊስ ወደሚገኘው የባሕር ኃይል አካዳሚ ገቡ፤ በ1922ም ከአምስት መቶ በሚበልጡ ዕጩ መኰንኖች መካከል 107ኛ ሆነው ተመረቁ። ከዚያም በኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ በኤሌክትሪክ ምሕንድስና የማስተርስ ዲግሪ አገኙ።

ከ1929 እስከ 1933 ድረስ በሰርጓጅ መርከቦች ላይ አገለገሉ። የዚያን ጊዜው ሰርጓጅ በስሙ ሰርጓጅ ይባል እንጂ በእውነቱ ለጥቂት ሰዓት ብቻ ለመጥለቅ የሚችል የገጸ ባሕር መርከብ ነበር። የናፍጣ ሞተሩ አየር ስለሚፈልግ፣ ከውኃ በታች የሚሄደው በባትሪ ነበር፤ ባትሪው ሲደክም ደግሞ ለመሙላት ወደ ላይ መውጣት ግዴታው ነበር። ሪኮቨር ይህን ጉድለት በመጽሐፍ ሳይሆን በኑሮ ዐወቁት። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ የባሕር ኃይሉን የመርከቦች ቢሮ የኤሌክትሪክ ክፍል መሩ፤ በዚያም የፋብሪካዎችን ሥራ በቅርብ መቈጣጠርን ልማድ አደረጉ።

በ1946 ከጥቂት መኰንኖች ጋር ወደ ኦክ ሪጅ ተልከው ስለ አቶም ኃይል ተማሩ። የኑክሊየር ሬአክተር ሙቀት የሚያመነጨው የዩራኒየም አቶም በመከፈሉ እንጂ በመቃጠሉ ስላልሆነ፣ አየር አያስፈልገውም። እንግዲህ ሰርጓጁን ከባሕሩ ገጽ ባርነት ነጻ የሚያወጣው ኃይል ይህ መሆኑን ተረዱ። በ1949 በአቶም ኃይል ኮሚሽንና በባሕር ኃይሉ ዘንድ ሁለት ሥልጣን በአንድነት ስለ ተሰጣቸው፣ በአንደኛው ወንበር ሆነው የጠየቁትን በሌላው ወንበር ሆነው ይፈቅዱ ነበር ይባላል።

ዋናው ጥያቄ ሙቀቱን ከሬአክተሩ የሚያወጣው ፈሳሽ ምን ይሁን የሚለው ነበር። ሪኮቨር ለመጀመሪያይቱ መርከብ በከፍተኛ ግፊት የተያዘ ውኃን መረጡ። ውኃው በግፊቱ ምክንያት ሳይፈላ ይሞቃል፤ ሙቀቱን በቧንቧ ግድግዳ በኩል ለሌላ ውኃ ያስተላልፋል፤ ሁለተኛው ውኃ እንፋሎት ሆኖ ተርባይኑን ያዞራል። ለነዳጁ ልባስ ደግሞ በዚያን ጊዜ በብዛት ተመርቶ የማያውቀው ዚርኮኒየም የተባለው ብረት በፋብሪካ እንዲዘጋጅ አደረጉ። ሌላው ምርጫ፣ ይኸውም ቀልጦ የሚፈስ ሶዲየም፣ «ሲዎልፍ» በተባለችው ሰርጓጅ ላይ ተሞክሮ ነበር፤ ነገር ግን መፍሰስ ስላስቸገረ ሬአክተሩ ወጥቶ በውኃው ዐይነት ተተካ።

በ1953 በአይዳሆ በረሃ፣ በእውነተኛ የሰርጓጅ አካል ውስጥ፣ የሙከራ ሬአክተሩ ሥራ ጀመረ። አንድ ቀን የታቀደውን ሙከራ አትላንቲክ ውቅያኖስን የማቋረጥ ያህል እንዲረዝም ሪኮቨር አዘዙ። በመካከሉ አንዳንድ መሣሪያዎች እክል ሲያሳዩ ሙከራው እንዲቆም ምክር ቢቀርብላቸውም፣ ጉድለቱ ካለ በየብስ ላይ ቢገለጥ ይሻላል በማለት እንቢ አሉ። መሣሪያው ለአራት ቀን ያህል በሙሉ ኃይሉ ሠርቶ ጉዞውን ፈጸመ።

«ናውቲለስ» የተባለችው የመጀመሪያይቱ የኑክሊየር ሰርጓጅ በጥር 1954 ወደ ውኃ ወረደች፤ በጥር 17 ቀን 1955 በኑክሊየር ኃይል ጉዞ ጀመረች፤ በነሐሴ 3 ቀን 1958ም ከበረዶው በታች አልፋ የሰሜን ዋልታን ተሻገረች። የመጀመሪያው ነዳጇ ከሁለት ዓመት በላይ አገልግሏታል። ነገር ግን የሪኮቨር የግል ዕድል እንደ መርከቢቱ ቀና አልነበረም። የባሕር ኃይሉ ቦርድ ሁለት ጊዜ የአድሚራልነት ማዕርግ ነፍጓቸው ሊሰናበቱ ተቃርበው ነበር። የዳኑት የሴኔቱ ኮሚቴ ጣልቃ ስለ ገባ ነው፤ በ1953ም ማዕርጉን አገኙ።

መርከቢቱ ያለ ባሕርተኛ ብረት ብቻ መሆኗን ከማንም በላይ የተረዱት እርሳቸው ነበሩ። ለኑክሊየር መርከብ የሚታጨውን እያንዳንዱን መኰንን ራሳቸው ፊት ለፊት ይፈትኑ ነበር። የወንበሩ የፊት እግሮች እንዲያጥሩ አድርገው ዕጩው እየተንሸራተተ እንዲመልስ ማድረጋቸው የታወቀ ነው። ከተፈተኑት አንዱ፣ በኋላ ፕሬዚዳንት የሆኑት ጂሚ ካርተር፣ በአካዳሚው የሚቻላቸውን ሁሉ አድርገው እንደ ሆነ ተጠይቀው አለማድረጋቸውን ማመናቸውን ዕድሜ ልካቸውን አልረሱትም። ያለፈው ዕጩ ፊዚክስና የሬአክተር ትምህርት ለወራት ተምሮ፣ በየብስ ባለው ሬአክተር ላይ ተለማምዶ ነው መርከብ የሚረግጠው።

የሰርጓጅ ባሕርተኛ ኑሮም ቀላል አይደለም። መርከቡ ኦክሲጅኑን ከውኃ ያወጣል፤ የተቃጠለውን አየር በኬሚካል ያጣራል፤ የሚጠጣውንም ከባሕር ያጠልላል። እንግዲህ ጉዞውን የሚወስነው ነዳጅ ሳይሆን ስንቅና የሰው ትዕግሥት ነው። ባሕርተኛው ፀሐይ ሳያይ ለሁለት ወርና ከዚያም በላይ ይቈያል፤ ቦታ ሲጠብ አንዱ ከአልጋው ሲነሣ ሌላው ይተኛበታል። ሚሳይል የሚሸከሙት ሰርጓጆች ሁለት የሠራተኛ ቡድን የተመደበላቸውም መርከቢቱ ባትደክም ሰው ስለሚደክም ነው።

በሚያዝያ 10 ቀን 1963 «ትሬሸር» የተባለችው ሰርጓጅ ከጥገና ወጥታ የጥልቀት ሙከራ ስታደርግ በአትላንቲክ ሰጠመች። 112 የባሕር ኃይል አባላትና 17 ሲቪሎች፣ በድምሩ 129 ሰዎች አለቁ። የምርመራው ጉባኤ ምናልባት በሞተሩ ክፍል አንድ የባሕር ውኃ ቧንቧ መጋጠሚያ ተላቆ፣ ውኃው የኤሌክትሪክ መሣሪያዎችን ነክቶ፣ ሬአክተሩም እንደ ቆመ ገመተ። ወደ ላይ ሊያወጣት የሚገባው የታመቀ አየርም በቧንቧው ውስጥ በተፈጠረ በረዶ ሳይታገድ አልቀረም ተባለ። መሐንዲስን የሚያስደነግጠው ግን ይህ ብቻ አይደለም። በጥገናው ጊዜ በድምፅ ሞገድ ከተመረመሩት 145 መጋጠሚያዎች መካከል መቶ በመቶ ሲሰላ 14ቱ እጅ ከደረጃ በታች ሆነው ተገኝተው ነበር፤ የቀሩት እጅግ ብዙዎች ግን ሳይመረመሩ መርከቢቱ ተሰናበተች። ሪኮቨር በምክር ቤት ፊት ቀርበው የሥራ ጥራት ጉድለትን በግልጽ አወገዙ፤ በእርሳቸው ሥልጣን ሥር የነበረውም የሬአክተር አያያዝ ደንብ ተሻሻለ። ከዚያ በኋላ እያንዳንዱ መጋጠሚያ ከነመዝገቡ የሚመሰከርበት የደኅንነት ሥርዓት ተቋቋመ። በዚህ ሥርዓት የተመሰከረላት አንዲትም የአሜሪካ ሰርጓጅ አልሰጠመችም።

በሌላው ወገን፣ የሶቪየቷ «ኬ-19» በሐምሌ 1961 የሬአክተሯ ማቀዝቀዣ በባሕር ላይ ሲፈስ፣ ጓዶቻቸውን ለማዳን ወደ ሬአክተሩ ክፍል ገብተው አዲስ የማቀዝቀዣ መሥመር የበየዱ ስምንት ባሕርተኞች በጨረር ምክንያት በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ሞተዋል። በፋብሪካ ያልተጠናቀቀው ሥራ በሰው ነፍስ ተጠናቀቀ ማለት ነው።

ስለ ሪኮቨር የሚጻፍ ሁሉ ምስጋና ብቻ ከሆነ እውነቱ ይጐድላል። የበታቾቻቸውን ያዋርዱ ነበር፤ ከእርሳቸው የተለየ ሐሳብንም በቀላሉ አይቀበሉም ነበር። ከዚህም በላይ ሰርጓጆችን ይሠራ ከነበረው ጄኔራል ዳይናሚክስ ኩባንያ በብዙ ዓመታት ውስጥ 67 ሺህ ዶላር ያህል የሚያወጡ ስጦታዎችን መቀበላቸው ተገልጦ፣ በ1985 ከባሕር ኃይሉ ሚኒስትር የወቀሳ ደብዳቤ ደርሷቸዋል። ስጦታው በውሳኔያቸው ላይ ተጽዕኖ አላሳደረም ቢሉም፣ ሌላውን በጥብቅ የሚቈጣጠር ሰው ራሱን መቈጣጠር እንደሚከብደው ያሳያል። ከ63 ዓመት አገልግሎት በኋላ በጥር 1982 ከሥራ ሲሰናበቱ ደግሞ በምክር ቤት ፊት ያልተጠበቀ ቃል ተናገሩ፤ የኑክሊየር መርከቦችን አስገዳጅ ክፉ ነገር አድርገው እንደሚያዩና፣ ቢቻላቸው ሁሉንም ቢያሰጥሙ እንደሚወዱ ገለጹ። በሐምሌ 8 ቀን 1986 ዐርፈው በአርሊንግተን መካነ መቃብር ተቀበሩ።

የሪኮቨር ቅርስ ግን በባሕር ብቻ አልቀረም። በ1957 በሺፒንግፖርት የተከፈተው የአሜሪካ የኤሌክትሪክ ኃይል ጣቢያ በእርሳቸው መሪነት የተሠራ ሲሆን፣ ዛሬ በዓለም ላይ በብዛት የሚገኘው የኑክሊየር ጣቢያ በከፍተኛ ግፊት ውኃ የሚሠራው ዐይነት ነው። አገራችንም በመስከረም 2018 ዓ.ም. የኑክሊየር ኃይል ጣቢያ ለመገንባት ከሩሲያው ሮሳቶም ጋር የድርጊት መርሐ ግብር ተፈራርማለች። ይህ ሐሳብ ወደ ሥራ የሚለወጥ ከሆነ፣ ከመሣሪያው ጋር ሰው እናዘጋጅ ዘንድ ግድ ነው። ሬአክተር በገንዘብ ይገዛል፤ ያልተመረመረን መጋጠሚያ ተመርምሯል ብሎ ላለመፈረም እጁን የሚሰበስብ መሐንዲስ ግን ከውጭ ተገዝቶ አይመጣም። እርሱ የሚገኘው በልደታው የብየዳ ጠረጴዛ፣ በዩኒቨርሲቲያችን ቤተ ሙከራና በእያንዳንዳችን መሥሪያ ቤት፣ ዛሬ በምንፈርመው ተራ ወረቀት ላይ ነው።