ተማሪው ባይጠይቀው ኖሮ

ከአዘዞ ተሳፍሮ ወደ ባሕር ዳር የሄደ ሁሉ እንፍራዝን ያውቃታል፤ ማክሰኚትን አልፎ፣ አዲስ ዘመን ከመድረሱ በፊት ናት። ከአራት መቶ ዓመት ገደማ በፊት አንድ የአክሱም መምህር ስደቱን ጨርሶ ጎጆ የቀለሰው በዚህ አገር ነው። ስሙ ዘርዐ ያዕቆብ ይባላል፤ ታሪኩንም የምናገኘው ራሱ ጻፈው ከሚባለው ሐተታ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1599 አክሱም አጠገብ ከድሃ ገበሬ ተወለደ። ዜማ ቤት ገብቶ ነበር፤ ድምፁ ሻካራ ሆነና ጓደኞቹ ሳቁበት፣ በሦስት ወሩ ተወው። ከዚያ በቅኔና በሰዋስው 4 ዓመት፣ በመጻሕፍት ትርጓሜ 10 ዓመት ቆየ። ሲያስተምር የግብጾቹንም የፈረንጆቹንም ትርጓሜ እኩል ያሳይ ስለነበር ሁለቱም ወገን የሌላው ሰው ነው ብለው ጠረጠሩት።

ዐፄ ሱስንዮስ የሮማን እምነት በአገሩ ላይ ባወጁ ጊዜ አንድ ጠላቱ ለንጉሡ ከሰሰው። ሦስት ወቄት ወርቅና መዝሙረ ዳዊቱን ይዞ በሌሊት ጠፋ፤ ተከዜ አካባቢ በዋሻ ሁለት ዓመት ኖረ። ሁሉም የየራሱን እምነት ብቻ እውነት ካለ ፈራጁ ማን ነው ብሎ ራሱን የጠየቀው እዚያ ነው። ፈጣሪ ለሰው ሁሉ የሰጠው ልቡና መርምሮ ይለይ የሚል መልስ አገኘ።

ንጉሡ እ.ኤ.አ. በ1632 ዐርፈው አዘዞ ገነተ ኢየሱስ ተቀበሩ። እሱም ከዋሻው ወጥቶ እንፍራዝ ገባ። ሀብቱ የሚባል ባለጠጋ ዳዊት አስጻፈው፣ ልጆቹንም አስተማረለት። የቤቱን አገልጋይ ኂሩትን ሲወድ፣ ገረድ ትሁንህ ቢባል እንቢ አለ፤ ባልና ሚስት እኩል ናቸው ብሎ ፈቃዷን ጠይቆ አገባት።

ያን ሁሉ ዘመን ግን በልቡ ያለውን በአደባባይ አልተናገረም። ጎረቤቶቹ እንደነሱ የሚያምን ይመስላቸው ነበር። በ68 ዓመቱ ብዕር ያነሣው ተማሪው ወልደ ሕይወት ጻፍልኝ ብሎ ስለ ለመነው ነው። በ93 ዓመቱ መሞቱን የመዘገበልንም ይኸው ተማሪ ነው፤ የራሱንም ሐተታ ጨመረበት።

እ.ኤ.አ. በ1920 ጣሊያናዊው ኮንቲ ሮሲኒ፣ ሐተታውን የጻፈው ቅጂውን ለፈረንሳዊው ዳባዲ የላከው የ19ኛው መቶ ዘመን ሚሲዮናዊ ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ ነው አለ። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ፍልስፍና ያስተማሩት ክላውድ ሰምነር ደግሞ የኢትዮጵያዊ ሥራ ነው ብለው ተሟገቱ። ክርክሩ ዛሬም አልተዘጋም። መርምሩ የሚል መጽሐፍ ራሱ ቢመረመር ቅር አይለውም፤ ይህ ለመምህራኖቻችን የቀረ የቤት ሥራ ነው።

ለእኛ ለተመራቂዎቹ ደግሞ የወልደ ሕይወት ድርሻ አለችን። ያወቁትን ሳይጽፉ ያረጁ መምህራን በየቤታቸው አሉ፤ ዛሬ አንዳንዶቹ ከመካከላችን ተቀምጠዋል። ቡናው ሲቀርብ ጠጋ በሉና ጠይቋቸው።