ጣሊያንን ያስለቀሰችው የተሰሎንቄ ልጅ

የድሮ የጣሊያን ሲኒማ ሲነሳ ሶፊያ ሎረንን የማይጠራ የለም። ዛሬ የማወጋችሁ ግን በዘመኗ አዳራሽ ሙሉ ሕዝብ መሐረብ ስላስያዘችው ኢቮን ሳንሰን ነው። (ዓመቶቹን በአውሮፓውያን አቆጣጠር ያዙልኝ።)

በ1920ዎቹ አጋማሽ ግሪክ ውስጥ፣ ተሰሎንቄ ተወለደች። አዎ፣ ሐዋርያው ጳውሎስ መልእክት የጻፈላት ከተማ። በ1940ዎቹ ጣሊያን ገብታ ከጦርነቱ በኋላ በትንንሽ ሚናዎች ጀመረች። በ1947 አልቤርቶ ላቱዋዳ ከአልዶ ፋብሪዚ ጋር ሲያሠራት ሰው ዞር ብሎ አያት። እውነተኛው ዝና የመጣው ግን በ1949 በራፋኤሎ ማታራዞ ፊልም «ካቴኔ» ነው፤ ሰንሰለቶች ማለት ነው።

ታሪኩን ላሳጥረው። ሮዛ ባለትዳርና የልጆች እናት ናት፤ ባሏ መካኒክ ነው። የድሮ እጮኛዋ ድንገት ብቅ ብሎ ትዳሯን እንደሚያፈርስ ያስፈራራታል። ባል ሰውየው ክፍል ውስጥ ያገኛትና ሰውየውን ገድሎ አሜሪካ ይሸሻል። ተይዞ ይመለሳል። ጉዱ የሚመጣው እዚህ ጋ ነው። በጊዜው የጣሊያን ሕግ፣ ሚስቱ ስትማግጥ ደርሶ በንዴት ለገደለ ባል ቅጣቱን በጣም ያቀልለት ነበር። ስለዚህ ጠበቃው ሮዛን ያላደረገችውን አድርጌያለሁ ብላ ችሎት ፊት እንድትናገር ያግባባታል። ተናገረች። ባል ነፃ ወጣ፤ እሷ ግን ስሟም ቤቷም ጠፋ። መጨረሻውን አልነግራችሁም፣ እዩት።

ይሄ ተረት እንዳይመስላችሁ። ያ የክብር ግድያ አንቀጽ ከጣሊያን ሕግ የተሰረዘው በ1981 ነው። አዳራሽ ውስጥ ያለቀሱት ሴቶች ሕጉን ከቤታቸው ያውቁት ነበር።

ፊልሙ ገበያውን ጠራረገው። ሃያሲዎቹስ? ናቁት። ጊዜው የኒዮሪያሊዝም ነዋ! በነሱ ዓይን ይሄ የእንባ ንግድ ነበር። እኔ እንደሚመስለኝ ግን የናቁት ፊልሙን ብቻ ሳይሆን ተመልካቹንም ነው።

ከዚያ በኋላ ኢቮን በዚሁ ሚና ታሰረች። እስከ 1958 ድረስ ከማታራዞና ከአሜዴዎ ናዛሪ ጋር ሰባት ፊልም ሠራች። ሁልጊዜ የምትበደል፣ ሁልጊዜ ይቅር የምትል። በ1951ዱ «የማንም ያልሆኑ ልጆች» ልጇ የሞተባት መስሏት መነኩሴ ትሆናለች። በተከታዩ «ነጩ መልአክ» ደግሞ መነኩሴዋንም፣ እሷን የምትመስል ዳንሰኛንም ራሷ ትጫወታለች። ሁለቱን አጠገብ ለአጠገብ ያየ ሰው ምን ያህል ችሎታ እንዳላት ይገባዋል። ከማታራዞ ውጪ በ1952 ላቱዋዳ ከጎጎል ታሪክ በሠራው «ካፖርቱ» ከሬናቶ ራሼል ጋር አለች፤ እዚያ ቅንጦተኛ ሴት ናት እንጂ አልቃሽ አይደለችም።

የሚገርመኝ ሌላ ነገር አለ። በስመ ጥር ፊልሞቿ የምንሰማው ድምፅ የሷ አይደለም! በጣሊያን ሲኒማ የተለመደ ነበርና፣ ለኢንግሪድ በርግማን ጣሊያንኛ ድምፅ የሰጠችው ሊዲያ ሲሞኔስኪ ናት የምትናገርላት። ፊቱ የተሰሎንቄ፣ ድምፁ የጣሊያን። ለኢቮን የቀረላት ዓይኗና ትከሻዋ ነው፤ በነሱ ብቻ አስለቀሰች።

የሜሎድራማ ገበያ ሲቀዘቅዝ የሷም ስልክ ቀዘቀዘ። በ1970 በርቶሉቺ «ኮንፎርሚስታ» ላይ የስቴፋኒያ ሳንድሬሊ እናት አድርጎ አሳያት፤ ብዙም ሳይቆይ ከስክሪን ራቀች። በ2003 ቦሎኛ ውስጥ አረፈች። የማታራዞ ፊልሞች ግን አልሞቱም፤ በ2011 አራቱ አሜሪካ ውስጥ በዲቪዲ ወጡ፣ አራቱም ላይ እሷ አለች።

«ሲኒማ ፓራዲሶ»ን ያያችሁ ደግሞ ሳታውቁት አግኝታችኋታል። አዳራሹ በሙሉ የሚነፋረቅበት፣ አንዱ ተመልካች ንግግሩን በቃሉ እየቀደመ የሚያለቅስበት ትዕይንት ትዝ ይላችኋል? ያ ፊልም «ካቴኔ» ነው።