አማርኛን ለፈረንጅ ያስተማረው የዘጌ ልጅ

ፍኖተ ሰላም ላይ ስማርት ስልክ ከያዙ እኩዮቼ መካከል ቢያንስ አንድ የእንግሊዝኛ ማስተማሪያ ቻናል የማይከታተል ፈልጋችሁ አታገኙም። አንዱ ቻናል በ30 ቀን አቀላጥፎ ማናገርን ቃል ይገባል። ሌላው ሰዋስው ያላወቀ ሰው የትም አይደርስም ባይ ነው። ሦስተኛው ደግሞ ሰዋስውን እርሱት፣ ፊልም ብቻ እዩ ይላል። ቡሬ ገበያ ግን ማንም ቻናል ያልከፈተለት ሌላ ትምህርት ቤት አለ። ከአዊ በኩል ድንች ይዛ የመጣች አገውኛ ተናጋሪ ሴት በአማርኛ ዋጋ ስትከራከር ለጉድ ነው። አባይን ተሻግሮ ወለጋ ሲመላለስ የኖረ ነጋዴም ኦሮምኛውን ክፍል ውስጥ ቁጭ ብሎ አልተማረውም።

ታዲያ ሰው ቋንቋ የሚለምደው እንዴት ነው? በደንብ፣ በመስማት፣ በመናገር ወይስ በችግር? ሊቃውንቱ በዚህ ጉዳይ ተጨቃጭቀው አልጨረሱም። እኔ ዛሬ የማወራችሁ ግን ጭቅጭቁ ገና ሳይጀመር የራሱን መልስ በመጽሐፍ ስላሳተመ የጣና ዳር ሰው ነው፤ ነጋድራስ አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ። ብዙዎቻችሁ የምታውቁት ጦቢያ እያልን በምንጠራው «ልብ ወለድ ታሪክ» ነው፤ በአማርኛ የመጀመሪያው ልብ ወለድ። ሌሎቻችሁ የምታውቁት በባንዳነቱ ነው። ሁለቱም እውነት ነው። እኔን የያዘኝ ግን ብዙ የማይወራለት ሦስተኛው ሥራው ነው፤ የቋንቋ መምህርነቱ። (አንቱ ልበለው ወይስ አንተ ብዬ ትንሽ አሰብኩበት። ደራሲን አንተ ማለት ስለለመድን በዚያው ልቀጥል። ዓመቶቹን ደግሞ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ መጻሕፍቱ የታተሙት እዚያ ስለሆነ።)

አፈወርቅ በ1868 ዘጌ ተወለደ። ከባሕር ዳር በጀልባ የሄዳችሁ ታውቋታላችሁ፤ ጣና ውስጥ የተዘረጋች፣ ቡናና ገዳም የሞላባት መሬት። በአቡነ በትረ ማርያም ትውፊት ዘጌ ላይ በሬ አይጠመድም፣ መሬት አይታረስም። በቆሎና ጤፍ ካልታረሰ ዓመቱ የሚያልፍ ለማይመስለን ለኛ ይህ ይገርማል። የዘጌ ሰው ቡናውን ሸጦ ነው እህል የሚገዛው። ኢኮኖሚክስ ስላጠናሁ ይሁን አላውቅም፣ ከሌላ ሰው ጋር ሳይነጋገሩ እንጀራ የማይበላበት አገር መሆኑ ትዝ ይለኛል። አብያተ ክርስቲያናቱ ደግሞ ከግድግዳ እስከ ጣሪያ ሥዕል ናቸው። ልጁም ወደ ሥዕሉ አዘነበለ፤ በምኒልክ ዘመን በ1887 ሥዕል እንዲያጠና ጣሊያን፣ ቱሪን ተላከ።

ያኔ ዕድሜው 19 ዓመት ገደማ ነው። ይህን ልብ በሉልኝ። ኤሪክ ሌኔበርግ የተባለ ምሁር በ1967 ባሳተመው መጽሐፍ አእምሮ ቋንቋን በራሱ ጊዜ የሚቀበልበት ዘመን እስከ ጉርምስና ድረስ ነው የሚል መላምት አቅርቦ ነበር። ዛሬም እኩዮቼ እኛማ አረጀን፣ ምላሳችን አይታጠፍም የሚሉት ይህንኑ በሩቁ ሰምተው ይመስለኛል። የሌኔበርግ ነገር በዋናነት የሚመለከተው ግን ልጅ አፍ የሚፈታበትን ቋንቋ ነው። ሁለተኛ ቋንቋን በተመለከተ ዕድሜ ቅላጼን ሊጎዳ ይችላል፤ መጽሐፍ ከመጻፍ ግን አያግድም። በ19 ዓመቱ ከዘጌ የመጣው ልጅ በኋላ በጣሊያንኛ ሰዋስው፣ በፈረንሳይኛ ደግሞ የመንገደኞች መጽሐፍ ጽፏል።

በመካከሉ ያለውን በአጭሩ ልለፈው። ወደ አገሩ ተመለሰ፤ በ1894 እንደገና ለትምህርት ስዊዘርላንድ ሄደ፤ የአድዋ ጦርነት ሲመጣ ከጣሊያን ጎን ተገኘ። ከዚያ በኋላ ኑሮው ጣሊያን ሆነ፣ ጣሊያናዊት አገባ፣ በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ ናፖሊ በሚገኘው የምሥራቅ ቋንቋዎች ተቋም አማርኛ ማስተማር ጀመረ። ተቋሙ መነሻው በ1732 ማቴዎ ሪፓ የተባለ ቄስ ለቻይና ወጣቶች ያቋቋመው ኮሌጅ ነው። አፈወርቅ በደረሰበት ጊዜ ግን ጣሊያን ኤርትራንና ሶማሊያን ይዛ ነበር፤ አማርኛ የሚችል መኮንን፣ ነጋዴና ጸሐፊ ያስፈልጋት ነበር። ፍላጎት ባለበት አቅርቦት ይመጣል። አቅርቦቱ የዘጌው ሰው ሆነ።

እስቲ መጻሕፍቱን በተራ እንያቸው። በ1905 ሮማ ላይ የአማርኛ ሰዋስው አሳተመ፤ ርዕሱ ራሱ ለማስተማር የተዘጋጀ ተግባራዊ ዘዴ መሆኑን ይናገራል። በዚያው ዓመት የጣሊያንኛና የአማርኛ መነጋገሪያ መጽሐፍ አወጣ። በ1908 ፈረንሳይኛ ለሚያነብ ወደ ሐበሻ ምድር ተጓዥ መምሪያ አዘጋጀ። እዚያው ዓመት «ልብ ወለድ ታሪክ» መጣ። በ1911 ደግሞ የአማርኛን ግሥ ብቻ የሚመለከት መጽሐፍ አሳተመ። ደንብ፣ ወግ፣ ታሪክ፣ ከዚያ ግሥ። እኔ ይህን ሳይ የሚታየኝ አንድ ሙሉ ሥርዓተ ትምህርት ነው።

ግሥ ለብቻው መጽሐፍ ያስፈለገው ለምን ይመስላችኋል? አልነገርኳችሁም የሚለውን ቃል ውሰዱ። ማን እንደተናገረ፣ ለማን፣ መቼ፣ አዎንታ ይሁን አሉታ ሁሉም እዚያች አንዲት ቃል ውስጥ ታጭቋል። እንግሊዝኛ አራት ቃል ያወጣበታል። ሰበረ፣ ተሰበረ፣ አሰበረ፣ ሰባበረ፣ ተሰባበረ እያልን ከአንድ ሥር ስንት እናወጣለን! እኛ ይህን በአምስት ዓመታችን ጨርሰነዋል፤ ማንም ሠንጠረዥ አላሳየንም። ቾምስኪ በ1959 የስኪነርን መጽሐፍ ሲተች ያነሳው ነጥብ እዚህ ላይ ነው የሚገባው። ስኪነር ቋንቋ እንደ ማንኛውም ልማድ በድግግሞሽና በማበረታቻ ይያዛል የሚል ነበር። ቾምስኪ ደግሞ ሕፃን ሰምቶት የማያውቀውን ቃል ራሱ እየሠራ ይናገራል፣ ስለዚህ ከውስጡ የሆነ ነገር አለ ብሎ ተሟገተ። ሰፈራችሁ ያለ ሕፃን ማንም ያላስተማረውን የግሥ ቅርጽ ሠርቶ ሲያስቃችሁ አልሰማችሁም? ያ ልጅ እየደገመ አይደለም፤ ደንብ እየሠራ ነው። ለአዋቂው ናፖሊታዊ ግን ደንቡ ታይቶ መሰጠት ነበረበት፤ አፈወርቅም ሰጠው።

ደንብ ብቻውን እንደማይበቃም የገባው ይመስለኛል። ፊደላችን ብዙ ነገር ይደብቃል። ገና ብዬ ብጽፍ በዓሉን ይሁን ገና አልደረሰም የምንለውን በፊደሉ አታውቁትም፤ የሚለየው መጥበቅና መላላቱ ነው። አለ የሚለውም እንዲሁ፣ መናገርም መኖርም ነው። ጠ፣ ጨ እና ቀን ደግሞ ከወረቀት ላይ ማን ይማራቸዋል? እዚህ ጋ አፍ ያስፈልጋል፤ ናፖሊ ላይ ደግሞ ስሙም አፈወርቅ የሆነ አፍ ተገኘ።

ስቲቨን ክራሸን በ1980ዎቹ የሚታወቅበት ሐሳብ ቋንቋ የሚለመደው ገብቶን የምንሰማውና የምናነበው ነገር ካለንበት ደረጃ ትንሽ ከፍ ሲል ነው የሚል ነው። አሁን የፊልም ብቻ እዩ ቻናሎች ሁሉ አያታቸው እሱ ነው። በዚህ ዓይን ጦቢያን ተመልከቱት። አባቷ የተማረከባት፣ ወንድ መስላ የምትንከራተት ልጅ ታሪክ ነው፤ አንባቢው ቀጥሎ ምን ይሆናል ብሎ እየጓጓ ግሡን ሳያስበው ይጠጣዋል። አፈወርቅ ይህን ያወጣው አማርኛ ለሚማር ሰው የሚነበብ ልብ ወለድ ገና ባልነበረበት ጊዜ መሆኑን አስቡ።

ክራሸንን ደግሞ ሜሪል ስዌይን የተባለች ካናዳዊት በ1985 ሞገተችው። ፈረንሳይኛ በሚያስተምሩ የካናዳ ትምህርት ቤቶች ልጆቹ ለዓመታት ቋንቋውን ሲሰሙ ኖረው ንግግራቸው ላይ ግን ብዙ ጉድለት ነበረ። ስለዚህ ሰው ሲናገርና ሲጽፍ ነው የጎደለውን የሚያውቀው አለች። ይህንማ ጎጃም ውስጥ ማንን ትነግራላችሁ! የቆሎ ተማሪው ግዕዝን የሚለምደው ቅኔ እየቆጠረ ነው። ገና ግሡን በቅጡ ሳይጨርስ ሁለት ቤት ያላትን ጉባኤ ቃና ሠርቶ መምህሩ ፊት ይቀርባል፤ ይታረማል፤ በማግስቱ ሌላ ይዞ ይመጣል። አፍ የፈታበት ሰው የሌለ ቋንቋ እስከ ዛሬ ሕያው ሆኖ የቆየው በዚህ ዓይነት መፍጠር ጭምር ነው። እንግሊዝኛ ለ12 ዓመት ተምሮ አንድ ዓረፍተ ነገር ደፍሮ የማይናገረውን ጓደኛዬን ሳይ፣ አብረን ያደግነው የቅኔ ተማሪ በሁለት ዓመት ውስጥ በግዕዝ ሰው መተረቡ ያናድደኛል።

ወደ 1908ቱ የመንገደኛ መጽሐፍ ልመለስ፤ ለኔ የአፈወርቅ ትልቁ ነገር እዚያ ውስጥ ነው። የዘመኑ መነጋገሪያ መጽሐፍ ውሃ ስጠኝ፣ በቅሎው የት አለ፣ መንገዱ ስንት ቀን ነው ዓይነት ነው። የሱ ግን ሰዎቹ ሲነጋገሩ ስለ አገሪቱ አስተዳደር ይተቻሉ፣ ወታደሩ ገበሬውን እንዴት እንደሚያስጨንቅ፣ ሹሙ እንዴት እንደሚዘርፍ ያወራሉ። ቋንቋ የሚማረው ሰው የሚያከራክር ነገር ስላለው ምላሱ ይፈታል። ቡሬ ላይ ያለችው የድንች ነጋዴ ዋጋው ስለሚያገባት እንደምትናገረው ማለት ነው። የሚነገር ነገር የሌለው ትምህርት ነው እንግሊዝኛችንን የገደለው የምለው ለዚህ ነው፤ ቶም ወደ ገበያ ሄደ፣ ሜሪ ወተት ጠጣች... ቶም ማነው? ምን አገባን?

ግን ትችቱን የሚያነበው ማን ነበር? ገበሬው አይደለም። ባዕዱ ነው። የአገሩን ገመና በጥሩ አማርኛ አቀናብሮ ነገ ሊመጣ ላሰፈሰፈ ሰው የቋንቋ መልመጃ አድርጎ ሰጠው። ይህ ነው የማይዋጥልኝ። ቋንቋ የሚያስተምር ሰው ቁልፍ ነው የሚሰጠው፤ ቁልፉ ደግሞ የበሩን ባለቤት አይጠይቅም።

በዘመኑም ዝም የተባለ ሰው አልነበረም። ስለ ምኒልክ የጻፈውን ታሪክ ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ባይከዳኝ አላዳነቀውም፤ ሚዛን የጎደለው ነው ብሎ ተችቶታል። የሚገርመው፣ የኢኮኖሚክስ ተማሪ ሁሉ ሊያነበው የሚገባው ገብረ ሕይወት የድሬዳዋ ጉምሩክ ሹም ነበር፤ እሱ ከሞተ በኋላ በ1920ዎቹ ያንኑ ወንበር አፈወርቅ ያዘው። ሹማምንትን ሲተች የኖረ ሰው ቀረጥ ሰብሳቢ ሆነ ማለት ነው። ከዚያ በ1930ዎቹ መጀመሪያ ሮም ላይ የኢትዮጵያ መንግሥት ጉዳይ ፈጻሚ ሆነ፤ ወረራው ሲመጣ ግን ለጣሊያን አደረ፤ አፈ ቄሣርም ተባለ።

ከባንዳ ዘዴ መማር ይቻላል ወይ የሚለኝ ጓደኛ አለኝ። እኔ ይቻላል ባይ ነኝ። ሐኪም መጥፎ ሰው ስለሆነ መርፌው አይጣልም። ይልቅ የሚያንገበግበኝ ያ ሁሉ ልፋት ለናፖሊ ተማሪ ተደርጎ፣ አማርኛን ሁለተኛ ቋንቋ አድርጎ ለሚማረው ለራሳችን ሰው ግን ያን ያህል የተለፋለት አለመሆኑ ነው። አገውኛ ተናግሮ አድጎ አማርኛ ለሚማር ልጅ፣ ወይም አማርኛ ይዞ አገውኛ መማር ለሚፈልግ እንደኔ ላለ ሰው፣ ደንቡን፣ ወጉንና ልብ የሚሰቅል ታሪኩን አንድ ላይ ያዘጋጀልን ማነው? ገበያው ያስተምራል፤ ግን ገበያው የሚያስተምረው ለገበያ የሚበቃውን ብቻ ነው። ደብዳቤ ለመጻፍ፣ ፍርድ ቤት ለመቆም፣ ልብ ወለድ ለማንበብ አይበቃም።

አፈወርቅ ከነፃነት በኋላ ጅማ ተጋዘ። ሠዓሊ ሆኖ የጀመረው ሰው ዓይኑ ጠፋ፤ በ1947 እዚያው ሞተ። የናፖሊው ተቋም አሁን ዩኒቨርሲቲ ነው፤ አማርኛ ዛሬም ያስተምራል።