ኮከብ ቆጥራ ደሞዟንም የቆጠረች የቤት ሠራተኛ

ሥራ ጨርሰሽ ጋደም ካልሽ ዛሬ የአንዲት የቤት ሠራተኛ ታሪክ ላጫውትሽ። ከሞተች ከመቶ ዓመት በላይ ሆኗታል። ዊሊያሚና ፍሌሚንግ ትባላለች። ኮከብ ትቆጥር ነበር፤ መጽሐፍ ገልጦ ዕጣ ፈንታሽን እንደሚነግርሽ ኮከብ ቆጣሪ እንዳይመስልሽ ደግሞ። እውነተኛውን የሰማይ ኮከብ ነው አንድ በአንድ የቆጠረችው።

የተወለደችው በፈረንጆቹ 1857 ስኮትላንድ፣ ዳንዲ የምትባል ከተማ ነው። አባቷ ሰባት ዓመቷ ላይ ሞተባት። በ14 ዓመቷ ራሷ እየተማረች ማስተማር ጀመረች። ይህቺን ያዢልኝ፣ እመለስባታለሁ። ከዚያ አገባች፤ በ1878 ከባሏ ጋር አሜሪካ ቦስተን ገባች። ብዙም ሳይቆይ እርጉዝ እንደሆነች ባሏ ትቷት ሄደ። በሰው አገር ሆዷ ገፍቶ ምን ታድርግ? ሰው ቤት ገባች።

የገባችበት ቤት የኤድዋርድ ፒከሪንግ ነበር። ሰውየው የሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ የከዋክብት መመልከቻ ጣቢያ ኃላፊ ነው። ለመውለድ ወደ አገሯ ተመለሰች፤ ከዚያ ልጇን ለእናቷ ትታ በ1881 ብቻዋን ወደ አሜሪካ መጣች። ልጁ የመጣላት ዓመታት ቆይቶ ነው። ይሄ ምን ማለት እንደሆነ ላንቺ ማብራራት አያስፈልገኝም።

ስለሷ የሚወራ አንድ ነገር አለ። ፒከሪንግ በወንድ ረዳቶቹ ተናዶ፣ የቤት ሠራተኛው እንኳ ከነሱ እንደምትሻል ተናግሮ ወደ ቢሮ አስገባት ይባላል። እኔ ይሄ ወሬ ብዙም አይጥመኝም፤ ሁሉን ነገር የአሰሪው ደግነት ያደርገዋል። ያዢልኝ ያልኩሽ እዚህ ጋ ትመጣለች፤ ሴትየዋ በ14 ዓመቷ አስተማሪ ነበረች። ማድ ቤት ስትገባ ጭንቅላቷን በር ላይ ትታ አልገባችም። እኛስ ጋ ዲፕሎማዋን ሻንጣ ውስጥ አጥፋ ያስቀመጠች ስንት አለች?

ሥራው ምን መሰለሽ፣ ያኔ ፎቶ የሚነሳው መስታወት ላይ ነበር። ሌሊት በቴሌስኮፕ ሰማዩን ያነሱታል። የኮከቡ ብርሃን በፕሪዝም ሲያልፍ እንደ ቀስተ ደመና ይዘረጋና መስመር መስመር ሆኖ መስታወቱ ላይ ይወጣል። እሷ ቀን ቀን በማጉያ መነጽር እያየች፣ መስመሩን እየመረመረች ኮከቦቹን በየዓይነታቸው ትመድባለች። አንድ ነጥብ፣ ከዚያ ሌላ ነጥብ፣ ከዚያ ሌላ። ዓይን ያጠፋል፣ ይሰለቻል። በ1890 የታተመው መዝገብ ከ10,000 በላይ ኮከቦች አሉበት፤ ምደባው በአብዛኛው የሷ ሥራ ነው።

እና ከኛ ሥራ በምን ተለየ? በድካሙ አይመስለኝም። እኛ ዛሬ የወለወልነው ወለል ነገ ይቆሽሻል፤ የተሠራውን ማንም አያይም፣ ያልተሠራው ግን ወዲያው ይታያል። ሰውን የሚያደክመው አንዱ ይሄ ነው። እሷ ትናንት የለየችው ኮከብ ግን ዛሬም መዝገቡ ላይ አለ። አንዳንዴ ደግሞ በዓለም ላይ ማንም ያላየውን ነገር ቀድማ ታያለች። በ1888 ከተነሳ ፎቶ ላይ የፈረስ ራስ የሚመስል ጥቁር ቅርጽ ለይታ አገኘች። ዛሬ የፈረስ ራስ ኔቡላ ይሉታል፤ ስልክሽ ላይ ፈልጊው፣ ያምራል። ግን በ1895 የወጣው ትልቁ መዝገብ ግኝቱን ለፒከሪንግ ሰጥቶ የሷን ስም ዘለለው። ስሟ ቦታውን ያገኘው ቆይቶ ነው።

በ1899 ሃርቫርድ የከዋክብት ፎቶዎቹ ሁሉ ኃላፊ አድርጎ ሾማት። ብዙ ሴቶችን ታሠራ ነበር። በ1900 የጻፈችው የዕለት ማስታወሻ አለ፤ እኔን የያዘኝ እሱ ነው። ሥራዋን እንደምትወድ ያስታውቃል፤ የራሷን ምርምር ትታ የሌሎችን ጽሑፍ ስታርም መዋሏ ያበሳጫታል። እዚያው ላይ ግን ደሞዟንም ታሰላለች። በዓመት 1,500 ዶላር ታገኛለች፣ አንዳንዶቹ ወንዶች 2,500። ስትጠይቅ ለሴት ይሄ በጣም ጥሩ ደሞዝ እንደሆነ ይነገራታል። እሷ ደግሞ እንደ ወንዶቹ የማስተዳድረው ቤትና የማስተምረው ልጅ አለኝ ባይ ናት።

ይሄን ሳውቅ ሳቄ መጣ። እኔም አንድ ቤት ጭማሪ ስጠይቅ ለሐበሻ ይሄ ጥሩ ነው ተብያለሁ፤ ጎረቤት ያለችው ፊሊፒናዊት እኔ የምሠራውን እየሠራች ከኔ በላይ ይከፈላታል። እንደ ልጃችን ነሽ የሚሉሽ ሰዎችም ደሞዝ ስትጠይቂ ፊታቸው ይለወጣል፤ ሥራውን ከወደድሽ ገንዘቡን መተው ያለብሽ ይመስላቸዋል። ዊሊያሚና አልተወችም። ፒከሪንግን ታከብረው ነበር፣ ልጇንም በስሙ ነው የጠራችው፤ ቢሆንም ሥራ እያበዛ ደሞዝ ላይ ዝም ማለቱን በማስታወሻዋ አስፍራዋለች።

ልጇ ኤም አይ ቲ ከሚባለው ትልቅ የምህንድስና ትምህርት ቤት ተመረቀ። እሷን በ1906 የእንግሊዙ ንጉሣዊ የሥነ ፈለክ ማኅበር የክብር አባል አደረጋት። ድንገት ደምቀው የታዩ 10 ኮከቦችን፣ ብርሃናቸው ከፍ ዝቅ የሚል ደግሞ ከ300 በላይ አግኝታለች። በግንቦት 1911፣ በ54 ዓመቷ፣ በሳንባ ምች ቦስተን ውስጥ ሞተች። እነዚያ የፎቶ መስታወቶች ዛሬም ሃርቫርድ ይገኛሉ፤ ግማሽ ሚሊዮን ገደማ ናቸው። ብዙዎቹ ላይ ሴቶቹ ኮከቡን ለመለየት በቀለም የጻፉት ምልክት ነበረ።