ባለቅኔው ነጋዴ አርተር ራምቦና የንጉሥ ዱቤ

በጅቡቲ የምንኖር ኢትዮጵያውያን የማኅበራችንን ኢዮቤልዩ ስናከብር፣ ከእኛ ብዙ ዘመን ቀድሞ በዚህ ባሕር ዳርቻ የተንከራተተ የአንድ እንግዳ ሰው ታሪክ ለቤተሰቦቻችን ማካፈል መልካም መስሎ ታየን። በተለይ ሱቅ ከፍተን ለመሥሪያ ቤቶች ዕቃ የምናቀርብ ሰዎች ከእርሱ የምንማረው አናጣም። ዓመታቱ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

አርተር ራምቦ በ1854 በፈረንሳይ አገር ሻርልቪል በምትባል ከተማ ተወለደ። ዓለም የሚያውቀው ገና ጎረምሳ ሳለ በጻፋቸው ግጥሞች ነው። ሃያዎቹን እንደጀመረ ግን ብዕሩን ጥሎ አገር ላገር ዞረ። በ1880 ኤደን ገብቶ በአንድ የፈረንሳይ ንግድ ቤት ተቀጠረ፤ በዚያው ዓመት መጨረሻም ቡናና ቆዳ ሊገዛ ሐረር ደረሰ።

በ1885 ተቀጣሪነቱን ትቶ፣ ሸዋን ከሚያውቅ ፒየር ላባቱ ከሚባል ፈረንሳዊ ጋር ተሻረከ። ሐሳባቸው ለሸዋው ንጉሥ ለምኒልክ ጠመንጃ መሸጥ ነበር። ራምቦ ታጁራ ላይ አንድ ዓመት ያህል ተጉላላ። የፈረንሳይ መንግሥት የጦር መሣሪያ ንግድ አገደ፤ ፈቃድ እስኪገኝ ጊዜው ነጎደ። ላባቱ በካንሰር ታሞ ሞተ። አብሮት ሊጓዝ የነበረው ፖል ሶሌዬም በመስከረም 1886 አረፈ። ራምቦ ብቻውን ግመሎቹን አስጭኖ በረሃውን አቋረጠ፤ በየካቲት 1887 አንኮበር ገባ።

ንጉሥ ምኒልክ ሐረርን ይዘው ሲመለሱ እንጦጦ ላይ ተገናኙ። ንጉሡ ዕቃውን በጅምላ በቅናሽ ወሰዱት፤ ሟቹ ላባቱ ዕዳ አለበት ያሉትንም ከሒሳቡ ላይ ቀነሱ። የተረፈው 9,000 ጠገራ ብር ሐረር ላይ በደጃዝማች መኮንን፣ በኋላ ራስ በሆኑት፣ እንዲከፈል በወረቀት ታዘዘ።

ሌላው መከራ የላባቱ አበዳሪዎች ነበሩ። የላባቱ ሚስት የነበረችው ኢትዮጵያዊትም የባልዋን ንብረት ጠየቀችና ነገሩ በንጉሡ አዛዥ ፊት ለክርክር ቀረበ። ራምቦ የሟቹን ደብተሮች አቃጥሎ ስለነበር ማስረጃ ሊሆን የሚችል ወረቀት አብሮ ጠፋ። ሰማይ አይታረስ ንጉሥ አይከሰስ ይባላልና፣ በእርሱ ላይ ክስ የሚያቀርብ ሞልቶ ሳለ እርሱ የሚከሰው ሰው አልነበረም። እኛ ግን ሴቲቱን አንወቅሳትም፤ እርሷም እንደ እርሱ የሚገባትን ፈላጊ ነበረች።

ሐረር ሲደርስም ጥሬ ገንዘብ አላገኘም። ምጽዋ ላይ የሚመነዘሩ የ5,000ና የ2,500 ብር ሐዋላዎች ይዞ በነሐሴ 1887 ባሕር ተሻገረ። እዚያም የጉዞ ወረቀት ስላልነበረው የፈረንሳይ ቆንስል ማንነቱን ለማጣራት ወደ ኤደን ጻፈ። ከዚያ ካይሮ ሲገባ 16,000 ፍራንክ ያህል ወርቅ በወገቡ ታጥቆ ነበር። ለኤደን ቆንስል ባቀረበው ሒሳብ ግን ከዋና ገንዘቡ 60 በመቶ ማጣቱን አመለከተ።

በ1888 ተመልሶ ሐረር ከተማ ሱቁን ከፈተ፤ ከንጉሡ መሐንዲስ ከአልፍሬድ ኢልግ ጋርም በደብዳቤ ይነግድ ነበር። በ1891 ጉልበቱ ታሞ በቃሬዛ ዘይላ ድረስ ወረደ። ማርሴይ ላይ እግሩ ተቆረጠ፤ በዚያው ዓመት ኅዳር 10 ቀን በ37 ዓመቱ ሞተ። በመጨረሻው ሰዓት የሐረር አገልጋዩን ጃሚን አልረሳም፤ ገንዘብ እንዲሰጠው አደራ ብሎ ነበር።

ዛሬ ዘመኑ ሌላ ነው። በ1960 የወጣው የኢትዮጵያ ፍትሐ ብሔር ሕግ ከቁጥር 3131 ጀምሮ ስለ አስተዳደር ክፍል መሥሪያ ቤቶች ውል ይደነግጋል፤ መሥሪያ ቤት ይከሰሳል። ሆኖም ዳኛ የሚያየው የተጻፈውን ነው። ስለዚህ ልጆቻችን ሆይ፣ ዕቃ ስታስረክቡ ርክክቡን በፊርማና በማኅተም ያዙ፤ የሸሪካችሁን ዕዳና የራሳችሁን ለዩ፤ የሞተ ሰው ደብተርም አታቃጥሉ። ራምቦ በረሃውን ተሻግሮ ያጣው ይህንኑ ነው።