ደሴቶቹን ያየው ተማሪ፦ ፓውል ላንገርሃንስ

እኛ ስንናደድ ቆሽታችን አረረ እንላለን። ቆሽት በዕብራይስጥ ላብላብ የሚሉት ነው። ከጨጓራ ጀርባ ተጋድሞ ምግብ የሚያልም ፈሳሽ ያመነጫል፣ የደማችንንም ስኳር ይቆጣጠራል። ይህን ሁለተኛውን ሥራ የሚሠሩትን ጥቃቅን ክፍሎች መጀመሪያ ያየው የ21 ዓመት የሕክምና ተማሪ ነበር።

ፓውል ላንገርሃንስ እ.ኤ.አ. በ1847 በርሊን ውስጥ ከሐኪም አባት ተወለደ። በ1868 የሰው ቆዳ በወርቅ ጨው አቅልሞ በማይክሮስኮፕ ሲያይ ቅርንጫፍ ያላቸው ሴሎች አገኘ። ነርቭ መሰሉት። በኋላ ግን ከበሽታ የሚከላከሉ ሴሎች መሆናቸው ታወቀ፤ ዛሬም በስሙ ይጠራሉ።

በዓመቱ ለመመረቂያ ጽሑፉ የጥንቸል ቆሽት መረመረ። በሌሎቹ ሴሎች መሃል ተሰብስበው የተቀመጡ ፈካ ያሉ ትናንሽ ሴሎች አየ፤ አንዱ ስብስብ የሚሊሜትር ሩብ እንኳ አይሞላም። ምን እንደሚሠሩ አላወቀም፣ እንደማያውቅም በግልጽ ጻፈው። እኔን ከሁሉም የገረመኝ ይሄ ነው። መመረቂያ ላይ እኮ ሰው የሚደክመው ያላወቀውን ለመደበቅ ነው!

በ1870 ከካርታ ሊቁ ሃይንሪሽ ኪፐርት ጋር ወደዚህ አገር መጥቶ ነበር፤ ያኔ በኦቶማን ቱርክ እጅ ነበረች። ከዚያ በፍራይቡርግ ዩኒቨርሲቲ አስተማረ። ግን ሳንባ ነቀርሳ ያዘውና በ1875 አየሩ ይስማማው ብሎ ማዴይራ ደሴት ገባ። እዚያም ሕመምተኛ እያከመ፣ የባሕር ትል እያጠና ኖረ። በ1888፣ 41 ዓመት ሊሞላው አምስት ቀን ሲቀረው፣ በኩላሊት ሕመም ሞተ።

በሞተ በዓመቱ ሁለት ሐኪሞች የውሻ ቆሽት ቢያወጡ ውሻው ስኳር ያዘው። በ1893 ፈረንሳዊው ላጌስ እነዚያን ስብስቦች የላንገርሃንስ ደሴቶች አላቸው። ኢንሱሊን የሚለው ስም ራሱ በላቲን ደሴት ከሚለው ቃል የመጣ ነው።

በአሽከሎን ስንቱ ቤት ፍሪጅ ውስጥ ኢንሱሊን ከወተቱ ጎን እንደሚቀመጥ እናንተው ታውቃላችሁ። ወላጆቻችን አገር ቤት ገጠር ሳሉ ስኳር ብዙም አያውቁም ነበር፤ እዚህ ምግቡም ኑሮውም ሲለወጥ በረከተ። የደከሙት እነዚያው ደሴቶች ናቸው። ኩፓት ሆሊም ለእናታችሁ ስታስተረጉሙ፣ ላብላብ ሲባል ቆሽት በሏት፤ ወዲያው ይገባታል።

ኢንሱሊን በቶሮንቶ የተገኘው በ1921 ነው። በጥር 1922 መጀመሪያ የተወጋው ሌናርድ ቶምፕሰን ገና ልጅ ነበር፣ ሊሞት ደርሶ። ከዚያ በኋላ 13 ዓመት ኖረ።