እሌኒ የተባለችው የሀዲያ ልጅ

የዛሬው ጽሑፋችን ከሞተች ግማሽ ሺህ ዓመት ስላለፋት አንዲት ሴት የሕይወት ታሪክ ይሆናል። ስሟን ያልሰማ የታሪክ ተማሪ ይኖራል ብለን አናምንም። ነገር ግን የማን ልጅ ናት ብለን የመኝታ ክፍል ጓደኞቻችንን ስንጠይቅ፣ አንዱ ጎንደሬ ናት አለን፤ ሌላው የሸዋ ሰው ናት ብሎ ሊከራከረን ተነሣ። ከሆመቾ የመጣነው ራሳችን እንኳ ከዚህ በፊት ብንጠየቅ ከነሱ የተሻለ መልስ አልነበረንም። ኧረ እንዲያውም እንደ ሩቅ ሰው ነበር የምናያት። ንግሥት እሌኒ ግን የሀዲያ ልጅ ናት።

ነገሩን ያስነሣው የስም ጉዳይ ነው። ለማስተማር ልምምድ ወጥተን ሳለ፣ የስም መጥሪያውን መዝገብ ገልጠን ስንጠራ በአንድ ክፍል ውስጥ ሁለት እሌኒዎች አገኘን። ለመሆኑ የስማችሁ ትርጉም ምንድን ነው ብንላቸው አንዷ አፈረች፣ ሌላዋ ደግሞ የንግሥት ስም ነው ብላ መለሰችና መልሳ እኛኑ ጠየቀችን። መልስ አጣን። አስተማሪ ሊሆን የወጣ ሰው በሁለት ልጆች ፊት አፉን ይዞ ሲቆም እንዴት እንደሚሆን ያየው ያውቀዋል። ከእኛ መካከል አንዱማ ነገሩ ይበልጥ ከነከነው። እሱ ቤት ውስጥ እናቱ የምትጠራው በአንድ ስም፣ በትምህርት ቤት የሚጠራው ግን በሌላ ስም ነው። አንደኛ ክፍል ሊመዘገብ ሲሄድ መዝጋቢው የቤት ስሙ ለአፋቸው አልመች ስላላቸው ሌላ ስም አውጥተው ጻፉለት፤ ይኸው የምስክር ወረቀቱ ሁሉ በዚያው ቀረ። እንግዲህ ስም የሚያወጣውና ስም የሚጽፈው ለየቅል ሲሆኑ ምን እንደሚመጣ ለማወቅ ከእሌኒ የበለጠ ታሪክ አላገኘንም።

በመጀመሪያ ስሙን እንይ። እሌኒ የግሪኮች ስም ነው፤ እነሱ ሄሌኔ ይላሉ፣ ሌሎች አውሮፓውያን ሄሌና ወይም ሔለን ይሉታል። ችቦ ማለት ነው የሚሉ ሊቃውንት አሉ። ሌሎቹ ደግሞ ከዚያ ራቅ ብለው ሄደው፣ የጥንቶቹ ሕንዶች የመጽሐፍ ቋንቋ በሆነው በሳንስክሪት የምታበራ፣ የምታንጸባርቅ ከሚል ቃል ጋር ያዛምዱታል። የግሪክና የሳንስክሪት ቋንቋዎች ከአንድ ግንድ የወጡ ስለሆኑ ይህ የማይሆን ነገር አይደለም፤ ክርክሩ ግን እስከ ዛሬ አልተዘጋም። የችቦው ትርጉም ለእኛ ይጥመናል። ምክንያቱም ይህ ስም ወደ አገራችን የገባው ከችቦና ከደመራ ጋር ነው። የሮማው ንጉሥ የቆስጠንጢኖስ እናት ቅድስት እሌኒ በ4ኛው ምዕተ ዓመት መጀመሪያ ወደ ኢየሩሳሌም ወርዳ፣ ደመራ አስደምራ፣ ጢሱ ያመለከታትን ስፍራ አስቆፍራ መስቀሉን አገኘች ይላል የቤተ ክርስቲያን ትውፊት። መስከረም 17 የሚከበረው ይኸው ነው። በእኛ በሀዲያ ያሆዴ፣ በጎረቤቶቻችን በከምባታ መሳላ እያልን የምንጠብቀው በዓልም በዚያው ሰሞን ይውላል። ልጆች ሳለን ችቦውን ይዘን ስንሮጥ እሌኒ የምትባል ሰው በነገሩ ውስጥ እንዳለችበት ማን ነግሮን!

ወደ ታሪኳ እንግባ። ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

በ15ኛው ምዕተ ዓመት ሀዲያ ስንል የዛሬውን ዞን ብቻ አይደለም። ከስምጥ ሸለቆው ማዶ ወደ ምሥራቅ ድረስ የተዘረጋ፣ ብዙ ሕዝቦችን ያቀፈ አገር ነበር። ገዥዎቹ ገራድ ይባላሉ፤ እስላሞች ነበሩ፤ ለክርስቲያኑ ንጉሠ ነገሥትም ግብር ይከፍላሉ። የእሌኒ አባት ገራድ መሐመድ ከእነዚህ ገዥዎች አንዱ ነበር። ከ1434 እስከ 1468 የነገሠው አፄ ዘርዓ ያዕቆብ ከምሥራቅ የአዳል ሱልጣኖች ጋር ጦርነት ላይ ስለነበር፣ ሀዲያ ከማን ጋር ትቆማለች የሚለው ጥያቄ ለእሱ የሞትና የሕይወት ጉዳይ ነበር። ስለዚህ የገራዱን ልጅ አገባ። በዚያ ዘመን የነገሥታት ጋብቻ እንዲህ ነው፤ ልጅቷን የሚጠይቅ የለም።

ልጅቷ ተጠመቀችና እሌኒ ተባለች። ስሙ እንዲሁ በአጋጣሚ የተሰጣት አይመስለንም። የዘርዓ ያዕቆብ አባት አፄ ዳዊት የመስቀሉን ግማድ ወደ ኢትዮጵያ እንዳስመጣ፣ ዘርዓ ያዕቆብም በግሸን ማርያም እንዳስቀመጠው ይነገራል። መስቀሉን እንዲህ ለሚያከብር ቤት የገባችን ሙሽራ መስቀሉን ባገኘችው ንግሥት ስም መጥራት ብዙ ትርጉም ነበረው። አባቷ ያወጣላት ስም ግን ከዚያ ወዲያ አይሰማም። ዜና መዋዕሉ የሚያውቃት በክርስትና ስሟ ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ጣል አድርገን እንለፍ። ከተማችን ሆሳዕናም ከበዓል ስም የወጣ ስም ነው ያላት፤ የቀድሞ ስሟ ዋቸሞ ነበር። የቆየው ስም ከብዙ ዘመን በኋላ በዩኒቨርሲቲው ስም ተመልሶ መጣ። ለእሌኒ እንዲህ ያለ ዕድል አልገጠማትም።

ከጋብቻው በኋላ የመጣው ነገር ከባድ ነበር። የገራድ መሐመድ ልጅ፣ ማለትም የእሌኒ ወንድም፣ ገራድ ማሒኮ በአፄ ዘርዓ ያዕቆብ ላይ አመፀ፤ ግብር አልከፍልም አለ። ከእሱ ጋር ካበሩት መካከል ዜና መዋዕሉ የሐላባንና የቀቤናን ገራዶች ይጠቅሳል። እነዚህ ስሞች ለእኛ እንግዳ አይደሉም፤ ቅዳሜ ገበያ የምንገናኛቸው ጎረቤቶቻችን ናቸው። አጎቱ ባሞ ግን ከንጉሡ ጋር ወገነ። የንጉሡ ጦር ማሒኮን አሳድዶ ገደለው፤ ባሞም በቦታው ገራድ ተደርጎ ተሾመ። እስቲ አስቡት፤ ወንድሟን ያስገደለው ባሏ ነው፤ በሟቹ ወንበር የተቀመጠው አጎቷ ነው። እሷ ደግሞ ከቤተ መንግሥት ናት። በዚያ ሌሊት ምን እንዳሰበች የጻፈ የለም። የሸሸች ወይም ከሥልጣን የወረደች ግን አይደለችም።

የዘርዓ ያዕቆብ ቤተ መንግሥት በዋዛ የሚኖርበት አልነበረም። ንጉሡ ጣዖት አመለኩ ተብለው የተከሰሱ የገዛ ልጆቹን ሳይቀር አስገርፏል። የልጁ የበእደ ማርያም እናት ጽዮን ሞገሳም በንጉሡ ትእዛዝ ተደብድባ በዚሁ ሳቢያ ሞተች። በእደ ማርያም በ1468 ሲነግሥ እናት አልነበረውም፤ እሌኒም ልጅ አልነበራትም። ንጉሡ እንደ እናቱ ወደዳት፤ የንግሥትነት ክብሯንም አጸናላት። የእሱ ዜና መዋዕል ስለ እሌኒ ሲናገር በጸሎትና በጽድቅ ሥራ የተመሰገነች፣ ሕግና መጻሕፍትን የምታውቅ፣ የንጉሥ ማዕድ በማሰናዳትም ተወዳዳሪ የሌላት አድርጎ ነው የሚያነሣት። ሦስቱን በአንድ ትንፋሽ መደርደሩ አስገርሞናል። እስላም ቤት ተወልዳ ያደገች ልጅ፣ በባዕድ አገር፣ በግዕዝ የተጻፈውን ሕግ ከሊቃውንቱ እኩል ያወቀችው መቼ ተምራ ነው? መምህሯ ማን እንደነበረ ብናውቅ እሱንም በዚህ ግድግዳ ላይ እናወጣው ነበር። ሁለት መንፈሳዊ መጻሕፍትን እንደደረሰች ደግሞ ፖርቱጋላዊው ጸሐፊ ዳሚያዎ ደ ጎይሽ መዝግቦላታል።

ከዚያ በኋላ ነገሥታቱ በላይ በላይ ተፈራረቁ። በ1478 እስክንድር ገና ልጅ ሳለ ነገሠ፤ አገሩን በሞግዚትነት ከያዙት ሰዎች መካከል እሌኒ አንዷ ነበረች። በ1494 ሌላ ሕፃን ለጥቂት ወራት ነግሦ ሞተ። ቀጥሎ ናዖድ መጣ። እሱም በ1508 ሲሞት ልጁ ልብነ ድንግል ዕድሜው ከአሥራ ሁለት አይበልጥም ነበርና፣ አረጋዊቷ እሌኒ እንደገና አገር እንድትይዝ ሆነ። የልጁ እናት ናዖድ ሞገሳም አብራት ነበረች። ሞገሳ በግዕዝ ሞገስዋ ማለት ነው፤ የንጉሡ ሚስት በባሏ ስም ናዖድ ሞገስዋ ተብላ ስትጠራ፣ የገራዱ ልጅ ግን የምትታወቀው በራሷ ስም ነው። አንቱ ልንላት በተገባ ነበር፤ የቤታችን ልጅ ስለሆነች በእሷ እንቀጥል።

የእሌኒ ትልቁ ሥራ የተሠራው በዚህ ጊዜ ነው። ፖርቱጋሎች በ1498 አፍሪካን ዞረው ሕንድ ከደረሱ ወዲህ የባሕሩ ነገር ተለውጦ ነበር። በ1509 በሕንድ ጠረፍ ዲዩ በተባለች ቦታ የግብፅን መርከቦች አሸነፉ። የኢትዮጵያ በር ደግሞ ባሕሩ ነው፤ የአዳል ጦር መሣሪያ የሚያገኘው በዚያው በኩል ነው። በዚያን ጊዜ ፔሮ ዳ ኮቪሊያ የሚባል ፖርቱጋላዊ በእስክንድር ዘመን መጥቶ፣ እንዳይመለስ ተከልክሎ፣ ርስት ተሰጥቶት እዚሁ ይኖር ነበር። እሌኒ የፖርቱጋልን ነገር አጣርታ የሰማችው ከእሱ ሳይሆን አይቀርም። በ1509 ገደማ ለፖርቱጋል ንጉሥ ለማኑኤል ደብዳቤ ጻፈች። የሐሳቡ ፍሬ ይህ ነው፦ እኛ ስንቅና ሠራዊት አለን፣ መርከብ ግን የለንም፤ እናንተ በባሕር ኃይለኞች ናችሁ፤ እናንተ በባሕር፣ እኛ በየብስ ሆነን እንተባበር፤ ልጆቻችንንም እናጋባ። ጋብቻ ሁለት አገር እንደሚያስተሳስር ከእሷ የበለጠ የሚያውቅ አልነበረም፤ ዋጋውንም እንዲሁ።

ደብዳቤውን የያዘው ማቴዎስ የሚባል አርመናዊ ነጋዴ ነበር። ከደብዳቤው ጋር የላከችው ስጦታ ደግሞ ከመስቀሉ ግማድ የተወሰደ ዕንጨት ነበር። እንግዲህ ልብ በሉ! የመጀመሪያዋ እሌኒ መስቀሉን አገኘች፤ የሀዲያዋ እሌኒ ከዚያው መስቀል ቁራጭ አንሥታ ባሕር አሻግራ ላከች። በልጅነቷ ሌሎች ያወጡላትን ስም በእርጅናዋ ራሷ አወጣችው ብንል ማጋነን አይሆንብንም።

ማቴዎስ መንገዱ አልቀናውም። በ1512 ጎዋ ሲደርስ የፖርቱጋሎቹ አገረ ገዥ አልቡከርክ በክብር ተቀበለው፤ ሌሎቹ ግን ሰላይ ነው፣ አስመሳይ ነው እያሉ አንገላቱት። ሊዝበን የገባው በ1514 ነው። ንጉሥ ማኑኤል መልእክቱን አምኖ መልክተኞች ላከ፤ የመጀመሪያው አምባሳደር ዱዋርቴ ጋልቫዎ ቀይ ባሕር ላይ ሞተና ነገሩ እንደገና ዘገየ። በመጨረሻ በ1520 በሮድሪጎ ደ ሊማ የተመራው ልዑክ ምጽዋ ወረደ። ማቴዎስም አብሮ ተመልሶ ነበር፤ ደብረ ቢዘን አካባቢ ሲደርስ ታምሞ ሞተ። ለላከችው ንግሥት ስለ ጉዞው ሳይነግራት ቀረ።

አሥራ አንድ ዓመት ቀልድ አይደለም። በዚያ መካከል ልብነ ድንግል ጎልምሶ ነበር፤ በ1516 ገደማም ሲያስቸግር የኖረውን የአዳል የጦር መሪ ማሕፉዝን አሸንፎ ገድሎታል። አደጋው ያለፈ መሰለው። እንግዶቹን ተቀበለ፣ ጠየቀ፣ አቆየ፤ ለእሌኒ ሐሳብ ግን የእሷን ያህል አልቸኮለም። እኛ በዚህ እንፈርድበታለን፤ እርግጥ ነው፣ ነገሩ ካለፈ በኋላ መፍረድ ቀላል ነው። በ1529 በሽምብራ ኩሬ ጦሩ በኢማም አሕመድ ሲሰበር የሚረዳው መርከብ አልነበረም። በክሪስቶቫዎ ደ ጋማ የተመሩት 400 የፖርቱጋል ወታደሮች የመጡት በ1541 ነው፤ ያን ጊዜ ልብነ ድንግል ራሱ ሞቷል።

እሌኒ ይህን ሁሉ አላየችም። የሞተችው በ1522 ገደማ፣ ልዑኩ ገና እዚህ ሳለ ነው። ስድስት ነገሥታት ሲፈራረቁ አይታለች። ከልዑኩ ጋር የመጣው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ሰዉ ከትልቅ እስከ ትንሽ እንዴት እንዳለቀሰላት፣ የሁሉ እናትና አባት እንደነበረች፣ እሷ ሳለች ሁሉም የሚጠጋበት እንደነበረው ይናገሩ እንደነበር ጽፎ አቆይቶልናል። በጎጃም ያሠራችው የመርጡለ ማርያም ቤተ ክርስቲያን በጦርነቱ ተቃጠለ፤ በ17ኛው ምዕተ ዓመት ኢየሱሳውያን በዚያው ስፍራ እንደገና ሠሩ። የተቀረጹት ድንጋዮች በፍርስራሹ ውስጥ ዛሬም ይታያሉ።

ልምምዳችንን ከመጨረሳችን በፊት ወደዚያ ክፍል ተመልሰን ይህን ሁሉ ለሁለቱ እሌኒዎች ነገርናቸው። የሀዲያ ልጅ ናት ስንል ክፍሉ ጉድ አለ። አፍራ የነበረችው ልጅ ግን እጇን አወጣችና፣ አባቷ ገራድ መሐመድ ቤት ውስጥ ማን ብሎ ይጠራት እንደነበር ጠየቀችን። አልተጻፈም አልናት። ከዚያ ያ በሁለት ስም የሚጠራው ጓደኛችን መዝገቡን አነሣና፣ እስቲ እናንተስ ቤታችሁ ማን ማን ትባላላችሁ ብሎ ከመጀመሪያው ወንበር ጀመረ። ደወሉ ሲደወል ገና ሦስተኛው ረድፍ ላይ ነበርን።